የሌስተር ፓትሪክ የሕይወት ታሪክ

ተማሪዎች፣ የታላላቅ ሰዎችን የሕይወት ታሪክ ስታነቡ የትውልድና የሞት ዘመናቸውን በቃል መያዝ ብቻውን አይበቃችሁም። ሰውየው በችግር ሰዓት ምን እንዳደረገ፣ ያገኘውንም ሀብትና ዕውቀት በምን ላይ እንዳዋለው መመርመር ይኖርባችኋል። ቀጥሎ የቀረበላችሁ ምንባብ በካናዳ ተወልዶ በበረዶ ሆኪ ተጫዋችነት፣ በአሠልጣኝነትና በሥራ አስኪያጅነት ስሙ የገነነው የሌስተር ፓትሪክ ታሪክ ነው። በምንባቡ ውስጥ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ መሆናቸውን አስቀድማችሁ ልብ በሉ።

የበረዶ ሆኪ በአገራችን እምብዛም የማይታወቅ ጨዋታ ስለ ሆነ፣ ወደ ታሪኩ ከመግባታችን በፊት ስለ አጨዋወቱ ጥቂት ማወቅ ይገባችኋል። የገና ጨዋታችንን አስታውሱ። በገና ጨዋታ ሁለት ወገኖች ጫፉ በቆለመመ ዱላ ሩሯን እየመቱ ይፎካከራሉ። በበረዶ ሆኪም ዱላው ጫፉ የታጠፈ ነው፤ ነገር ግን ተጫዋቾቹ የሚሮጡት በሣር ላይ ሳይሆን እንደ መስተዋት በረጋ በረዶ ላይ፣ ከሥሩ የብረት ስለት የተገጠመለት ጫማ አድርገው ነው። በሩር ፈንታ የሚመታው ፓክ የተባለ፣ ክብና ጠፍጣፋ ጥቁር ጎማ ነው። ስፋቱ 7.6 ሳንቲ ሜትር፣ ውፍረቱ 2.5 ሳንቲ ሜትር፣ ክብደቱም 160 ግራም ያህል ይሆናል። ይህ ጎማ በኀይል ሲመታ እንደ ድንጋይ ይወነጨፋል። በአሁኑ ደንብ እያንዳንዱ ወገን በረኛውን ጨምሮ 6 ተጫዋቾች ያሰልፋል፤ ሌስተር ወጣት በነበረበት ዘመን ግን 7 ነበሩ። በዚያ ዘመን በረኞች ፊታቸውን የሚከልል ጭንብል አያደርጉም ነበር። ይህን ነገር ኋላ ስለምንመለስበት አትርሱት።

ሌስተር ፓትሪክ ታኅሣሥ 31 ቀን 1883 ዓ.ም. በካናዳ፣ በኩቤክ ክፍለ ሀገር፣ ድራመንድቪል በምትባል ከተማ ተወለደ። አባቱ ጆሴፍ ፓትሪክ ደን እያስቆረጠ ጣውላ የሚነግድ ትጉህ ሰው ነበር። ሌስተር ለወላጆቹ የበኵር ልጅ ሲሆን፣ ከእርሱ ሁለት ዓመት ያህል ዘግይቶ የተወለደው ወንድሙ ፍራንክ በዕድሜ ልኩ የሥራ ባልደረባው ሆኖ ኖሯል። ቤተሰቡ ወደ ሞንትሪያል ከተማ ከተዛወረ በኋላ ሁለቱ ወንድማማቾች ክረምት በመጣ ቁጥር በረዶ በረጋበት ሥፍራ ሁሉ ሆኪ እየተጫወቱ አደጉ። ሌስተር ማክጊል ዩኒቨርሲቲ ቢገባም በትምህርቱ ብዙ አልገፋበትም፤ ልቡ ያዘነበለው ወደ ጨዋታው ነበር።

ሃያ ዓመት ሲሆነው ወደ ምዕራብ ተጕዞ በማኒቶባ ክፍለ ሀገር በብራንደን ከተማ ቡድን ውስጥ ተሰለፈ። በዚያ ዘመን ተከላካዮች ሥራቸው የተወሰነ ነበር፤ ፓኩን ከበራቸው አርቀው ከመምታት በቀር ወደ ፊት አይሄዱም። ሌስተር ግን ተከላካይ ሆኖ ሳለ ፓኩን በዱላው እየነዳ፣ ተቃራኒዎቹን እያለፈ እስከ ጎል ድረስ መገስገስ ጀመረ። ነገሩ በመጀመሪያ እንደ ድፍረት ተቈጠረበት። ውሎ አድሮ ግን ተመልካች ወደደው፤ ሌሎች ተከላካዮችም ተከተሉት። በ1904 ዓ.ም. ብራንደን በጊዜው ኀያል ከነበረው ከኦታዋ ቡድን ጋር ለስታንሌይ ዋንጫ ተጋጥሞ ተሸነፈ። ይህ ዋንጫ የካናዳ እንደራሴ የነበሩት ሎርድ ስታንሌይ በ1892 ዓ.ም. የሰጡት ሲሆን፣ በሆኪ ዓለም ከሁሉ የከበረ ሽልማት ነው።

ሌስተር ከሁለት ዓመት በኋላ የሞንትሪያሉ ዋንደረርስ ቡድን ተጫዋች ሆኖ ኦታዋን እንደ ገና ገጠመ። በ1906 ዓ.ም. የተደረገው ይህ ውድድር በሁለት ጨዋታ የተገኘው ጎል ተደምሮ የሚወሰን ነበር። ዋንደረርስ የመጀመሪያውን ጨዋታ 9 ለ1 አሸነፈ። ሰው ሁሉ ነገሩ አበቃ ብሎ ሲያስብ፣ በሁለተኛው ጨዋታ ኦታዋ 9 ጎል አግብቶ ድምሩን 10 ለ10 አደረሰው። ሊያልቅ ጥቂት ደቂቃዎች ሲቀሩ የስምንት ጎል ልዩነት ጠፍቶ የዋንደረርስ ተጫዋቾች ተደናገጡ። በዚያች ሰዓት ሌስተር ተከታታይ ሁለት ጎሎች አግብቶ ድምሩን 12 ለ10 በማድረጉ ዋንጫው ወደ ሞንትሪያል ሄደ። ቡድኑ በ1907 ዓ.ም. ጥር ወር ዋንጫውን ለኬኖራ ቡድን ቢያስረክብም በመጋቢት መልሶ ወሰደው።

ሌስተር እንዲህ ስሙ በታወቀበት ጊዜ ቡድኑን ትቶ አባቱን ለመርዳት ወደ ምዕራቡ ጠረፍ፣ ወደ ብሪቲሽ ኮሎምቢያ ክፍለ ሀገር ሄደ። አባቱ በኔልሰን ከተማ አካባቢ ሰፊ የጣውላ ሥራ ጀምሮ ነበርና ልጆቹ በደን ቆረጣው ተሰማሩ። ይሁን እንጂ ዝናው እስከዚያ ድረስ ተከተለው። በ1909 ዓ.ም. መጨረሻ የሬንፍሩ ከተማ ባለጸጎች የስታንሌይን ዋንጫ በገንዘብ ኀይል ለማግኘት ተነሥተው፣ ለሌስተር 3,000 ዶላር፣ ለፍራንክ ደግሞ 2,000 ዶላር ከፍለው ቀጠሯቸው። ክፍያው ለ12 ጨዋታዎች ብቻ ስለ ነበር በዚያ ዘመን ብዙዎችን አስገርሟል። ያም ሆኖ ሬንፍሩ ዋንጫውን ሳያገኝ ቀረ። ወንድማማቾቹ ግን ከዚያ ዓመት አንድ ትልቅ ነገር ተማሩ። ሕዝብ ጥሩ ጨዋታ ለማየት ገንዘብ እንደሚከፍል፣ ተጫዋችም ጥሩ ደመወዝ ወዳለበት እንደሚሄድ ተረዱ።

በ1911 ዓ.ም. አባታቸው የጣውላ ድርጅቱን ሸጠና ገንዘቡን በምን ሥራ ላይ እንደሚያውሉት ከልጆቹ ጋር ተማከረ። ልጆቹ ያቀረቡት አሳብ ለብዙ ሰው እብደት መስሎ የሚታይ ነበር። የምዕራቡ ጠረፍ አየር ለስላሳ በመሆኑ በረዶ አይረጋበትም፤ ሆኪም ሥር አልሰደደበትም። እነርሱ ግን በዚያው ጠረፍ አዲስ የሆኪ ማኅበር እናቋቁም፤ በረዶውን ራሳችን በመኪና እንሥራው አሉ። አሠራሩ እንዲህ ነው፦ ከወለሉ ሥር ብዙ ቧንቧ ይዘረጋል፤ በማቀዝቀዣ መኪና እጅግ የቀዘቀዘ የጨው ውሃ በቧንቧው ውስጥ ይመላለሳል፤ ጨው ያለበት ውሃ ቶሎ ስለማይረጋ እርሱ እየፈሰሰ፣ በላዩ የተረጨው ንጹሕ ውሃ ግን ይረጋል። በዚህ ዘዴ በቪክቶሪያ 4,000 ያህል፣ በቫንኩቨር ደግሞ ከ10,000 በላይ ሰው የሚይዙ ሁለት አዳራሾች ተሠሩ። በካናዳ ምድር ሰው ሠራሽ በረዶ ያላቸው የመጀመሪያዎቹ አዳራሾች እነዚህ ነበሩ።

እስቲ ነገሩን በአእምሯችሁ መዝኑት። አባት በብዙ ዓመት ድካም ያፈራውን ሀብት በልጆቹ አሳብ ላይ አዋለው። ሥራው ቢከሽፍ ቤተሰቡ በሙሉ ይደኸይ ነበር። የፓስፊክ ጠረፍ የሆኪ ማኅበር የመጀመሪያ ጨዋታ በጥር 1912 ዓ.ም. በቪክቶሪያ ተደረገ። ቡድኖቹ ሦስት ብቻ ነበሩ። ሌስተር የቪክቶሪያ፣ ፍራንክ የቫንኩቨር ቡድን አለቃ፣ አሠልጣኝና ተጫዋች ሆኑ። ከምሥራቅ ካናዳ ስመ ጥር ተጫዋቾችን እየከፈሉ አመጡ።

ማኅበሩ የራሳቸው በመሆኑ ወንድማማቾቹ ደንቡን ለማሻሻል ሙሉ ሥልጣን ነበራቸው። በቀድሞው ደንብ ፓኩን ወደ ፊት ለቆመ ጓደኛ ማቀበል ክልክል ስለ ነበር ዳኛው በየጊዜው ጨዋታውን ያስቆም ነበር። እነርሱ ሜዳውን በሁለት ሰማያዊ መሥመሮች ከሦስት ከፍለው፣ በመካከለኛው ክፍል ፓኩን ወደ ፊት ማቀበልን ፈቀዱ። ጨዋታውም ፈጣን ሆነ። በረኛው ጎል ለማዳን በበረዶው ላይ እንዲወድቅ ፈቀዱለት፤ ቀደም ሲል ግን ቆሞ መከላከል ነበረበት። ተመልካች ተጫዋቹን ለይቶ እንዲያውቅ በጀርባው ላይ ቍጥር አጻፉ። ጎል ያገባውን ብቻ ሳይሆን ያቀበለውንም ስም መመዝገብ ጀመሩ። የቅጣት ምትንም ወደ ደንቡ አስገቡ። ዛሬ በዓለም ዙሪያ የሚደረገው የበረዶ ሆኪ አብዛኛውን መልኩን ያገኘው ከእነዚህ ማሻሻያዎች ነው።

በ1925 ዓ.ም. ሌስተር ያሠለጠነው የቪክቶሪያው ኩገርስ ቡድን የሞንትሪያሉን ካናዲየንስ 3 ለ1 በሆነ የጨዋታ ብልጫ አሸንፎ የስታንሌይን ዋንጫ ወሰደ። ከዚያ ወዲህ ከብሔራዊው የሆኪ ሊግ ውጭ የሆነ ቡድን ዋንጫውን ወስዶ አያውቅም። ሆኖም የምዕራቡ ከተሞች ትንንሽ ስለ ነበሩ፣ በአሜሪካ ትላልቅ ከተሞች የተስፋፋውን ሊግ በደመወዝ ሊወዳደሩት አልቻሉም። ወንድማማቾቹ መንገዱ መዘጋቱን አይተው በ1926 ዓ.ም. የተጫዋቾቹን ውል ለሊጉ ቡድኖች ሸጡ። አሥራ አምስት ዓመት የደከሙበት የምዕራቡ ሆኪ ሥራ በዚህ ዓይነት አበቃ።

በዚያው ዓመት ኒውዮርክ ሬንጀርስ የተባለ አዲስ ቡድን ተቋቁሞ ነበር። ቡድኑን ያሰባሰበው ኮን ስማይዝ ውድድሩ ሳይጀመር ስለ ተሰናበተ፣ ባለቤቶቹ ሌስተርን በአሠልጣኝነትና በሥራ አስኪያጅነት ቀጠሩት። ሌስተር ለኒውዮርክ ሕዝብ እንግዳ የሆነውን ጨዋታ ለማስተዋወቅ በትዕግሥት ሠራ። ለጋዜጠኞች ደንቡን ያስረዳ፣ ተጫዋቾቹንም በአለባበስና በጠባይ ሳይቀር ይቈጣጠር ነበር። ቁመቱ ረጅም፣ ጠጕሩ ብርማ ስለ ነበር ብርማው ቀበሮ እያሉ ይጠሩት ጀመር።

አሁን ስሙን እስከ ዛሬ ወደሚያስጠራው ሌሊት ደርሰናል። በ1928 ዓ.ም. ሬንጀርስ ለስታንሌይ ዋንጫ ከሞንትሪያሉ ማሩንስ ጋር ተጋጠመ። የኒውዮርኩ አዳራሽ በሰርከስ ተይዞ ስለ ነበር ጨዋታዎቹ ሁሉ በባላጋራው ከተማ በሞንትሪያል እንዲደረጉ ተወሰነ። የመጀመሪያውን ጨዋታ ማሩንስ 2 ለ0 አሸነፈ። ሚያዝያ 7 ቀን በተደረገው በሁለተኛው ጨዋታ፣ ገና ጎል ሳይገባ፣ የማሩንሱ ኔልስ ስቱዋርት የመታው ፓክ የሬንጀርስን በረኛ የሎርን ሻቦን ግራ ዓይን መታው። ሻቦ እየደማ ከሜዳ ወጣ፤ ሐኪሞችም ወደ ሜዳ እንዳይመለስ ከለከሉት።

በዚያ ዘመን ቡድኖች ተጠባባቂ በረኛ ይዘው መጓዝ አላስለመዱም። ከውጭ በረኛ ለማስገባት የባላጋራው ፈቃድ ያስፈልጋል። እንደ አጋጣሚ የኦታዋው ዝነኛ በረኛ አሌክ ኮኔል ከተመልካቾች መካከል ተቀምጦ ነበር። ሌስተር እርሱን ለማሰለፍ ጠየቀ፤ የማሩንስ አሠልጣኝ ኤዲ ጀራርድ ግን አልፈቅድም አለ። ሌላ በረኛም ቢጠየቅ እንዲሁ ከለከለ። ለጀራርድ ደንቡ ሥልጣን ሰጥቶታል፤ ስለዚህ ሕግ ጣሰ ሊባል አይችልም። ሬንጀርስ ግን በረኛ አልባ ሆኖ ቀረ።

ሌስተር በዚያን ጊዜ 44 ዓመት ከ3 ወር ሆኖት ነበር። በበረኝነት የተሰለፈው አልፎ አልፎ ለጥቂት ደቂቃ ብቻ ነው። ለአደጋው እንግዳ አልነበረም፤ ከጥቂት ደቂቃ በፊት የተጎዳውን ዓይን በዓይኑ አይቷል። ከተጫዋቾቹ አንዱን አዝዞ ማስገባት ይችል ነበር፤ ነገር ግን ያን ያደረገ እንደ ሆነ አጥቂው ወይም ተከላካዩ ይጐድልበታል። ስለዚህ የሻቦን የእግር መከላከያና ጓንት አጥልቆ ራሱ በጎሉ በር ቆመ። የፒትስበርግ ቡድን አሠልጣኝ የነበረው ኦዲ ክሌግሆርንም በአሠልጣኙ ቦታ ተተክቶ ቡድኑን መራለት።

ተጫዋቾቹ አለቃቸው ጭንብል በሌለው ፊቱ በጎሉ ፊት መቆሙን ባዩ ጊዜ በዙሪያው እንደ አጥር ሆነው ይከላከሉለት ጀመር። ማሩንሶች ከሩቅ እንዲመቱ እንጂ እንዲቀርቡ አልፈቀዱላቸውም። በሦስተኛው ክፍለ ጊዜ መጀመሪያ ቢል ኩክ ለሬንጀርስ አገባ። ጨዋታው ሊያልቅ ጥቂት ደቂቃዎች ሲቀሩት ስቱዋርት ሌስተርን አልፎ አስቈጠረና 1 ለ1 ሆኑ። በተጨማሪው ሰዓት ፍራንክ ቡሸር አገባና ሬንጀርስ 2 ለ1 አሸነፈ። ሌስተር ከተመቱበት 19 ፓኮች 18ቱን መልሷል።

አንድ ነገር ደግሞ አስተውሉ። ያ ድል ዋንጫውን አላስገኘም፤ ቡድኑን ከውድቀት አዳነው እንጂ። ሌስተር ተመልካች ስላጨበጨበለት በማግሥቱ ራሱን በረኛ አላደረገም። ጆ ሚለር የተባለ በረኛ ተፈቅዶለት አሰለፈና ወደ አሠልጣኝነት ቦታው ተመለሰ። ሬንጀርስ ሦስተኛውን ጨዋታ ተሸነፈ፤ አራተኛውን 1 ለ0፣ አምስተኛውን 2 ለ1 አሸንፎ ዋንጫውን ወሰደ። ቡድኑ በተቋቋመ በሁለተኛ ዓመቱ ነበር።

ሌስተር በ1933 ዓ.ም. ሬንጀርስን ለሁለተኛ ጊዜ ለዋንጫ አበቃ። ከ1931 እስከ 1938 ዓ.ም. በነበሩት 8 ዓመታት 7 ጊዜ የሊጉ ምርጥ አሠልጣኝ ሆኖ ተመረጠ። ልጆቹ ሊንና መዝ ጐበዝ ተጫዋቾች ሆነው ሲያድጉ ግን ከባድ ፈተና ገጠመው። ለዘመድ ያደላል እንዳይባል ልጁን ሊንን ለመቅጠር ብዙ አመነታ፤ የወሰደውም አንጋፋ ተጫዋቾቹ ስለ መሰከሩለት ነው። በ1939 ዓ.ም. የአሠልጣኝነቱን ሥራ ለቀድሞ ተጫዋቹ ለፍራንክ ቡሸር አስረክቦ በሥራ አስኪያጅነት ብቻ ቀጠለ። በሚቀጥለው ዓመት ሬንጀርስ ዋንጫውን ሲያነሣ ሁለቱም ልጆቹ ከአሸናፊዎቹ መካከል ነበሩ። ቡድኑ ቀጣዩን ዋንጫ ለማግኘት እስከ 1994 ዓ.ም. ድረስ 54 ዓመት መጠበቅ ግድ ሆኖበታል።

ሌስተር በ1946 ዓ.ም. የሬንጀርስን ሥራ አስኪያጅነት ተወ፤ በ1947 ዓ.ም. ስሙ ከሆኪ ታላላቆች መዝገብ ላይ ሰፈረ። ወደ ቪክቶሪያም ተመልሶ ኖረ። ሰኔ 1 ቀን 1960 ዓ.ም. በ76 ዓመቱ በዚያው አረፈ። ወንድሙ ፍራንክም አንድ ወር ሳይሞላ፣ ሰኔ 29 ቀን ተከተለው። በ1966 ዓ.ም. በአሜሪካ ለሆኪ ከፍተኛ አገልግሎት ላበረከቱ ሰዎች የሚሰጥ ሽልማት በሌስተር ስም ተሠየመ።

በጣውላው ገንዘብ የተሠሩት ሁለቱ አዳራሾች ዛሬ የሉም። የቪክቶሪያው በ1929፣ የቫንኩቨሩ በ1936 ዓ.ም. በእሳት ጋዩ። ሰማያዊዎቹ መሥመሮች ግን ሆኪ በሚደረግበት በረዶ ሁሉ ላይ ዛሬም ይሰመራሉ። ስለዚህ ተማሪዎች፣ ከዚህ ሰው ሕይወት ሁለት ነገር ያዙ። የለመዳችሁት ሥራ የሚሻሻልበት መንገድ እንዳለው መርምሩ፤ የኀላፊነት ቦታ ላይ ስትቀመጡም፣ ሌላው እንዲሠራው የምታዝዙትን ከባድ ሥራ ራሳችሁ ለመሥራት ዝግጁ ሁኑ።

መልመጃ

ሀ. ከምንባቡ በመነሣት ለሚከተሉት ጥያቄዎች በተሟላ ዓረፍተ ነገር መልስ ስጡ።
1. ሌስተር የተከላካይን አጨዋወት የለወጠው እንዴት ነው?
2. በምዕራቡ ጠረፍ ሰው ሠራሽ በረዶ ያስፈለገው ለምንድን ነው?
3. ኤዲ ጀራርድ ሕግ ጣሰ ሊባል የማይችለው ለምንድን ነው? ድርጊቱን እናንተ እንዴት ትመዝኑታላችሁ?

ለ. የሚከተሉትን ቃላት በምንባቡ ውስጥ የያዙትን ትርጉም ጽፋችሁ ዓረፍተ ነገር ሥሩባቸው።
መገስገስ፣ ባላጋራ፣ ማመንታት፣ ማሰለፍ፣ አንጋፋ

ሐ. ሰዋስው፦ በምንባቡ ውስጥ «ይሁን እንጂ»፣ «ስለዚህ» እና «ነገር ግን» የሚሉት ቃላት የገቡባቸውን ዓረፍተ ነገሮች አውጡ። እያንዳንዱ ቃል ከፊቱና ከኋላው ያሉትን አሳቦች በምን ዓይነት ግንኙነት እንዳያያዛቸው አስረዱ።

መ. ድርሰት፦ በአካባቢያችሁ በችግር ሰዓት ኀላፊነትን ተቀብሎ የሠራ አንድ ሰው መርጣችሁ፣ የሕይወት ታሪኩን ከሁለት ገጽ ባልበለጠ በጊዜ ቅደም ተከተል ጻፉ።